ባሕር የማይደርሱ ወንዞች

ከጉራጌ ተራሮች አናት ላይ የሚጥል ዝናብ ሦስት መውረጃ አለው። በምሥራቅ በኩል የወደቀው የቡታጅራን ጅረቶች ሞልቶ መቂ ወንዝ ይገባል፤ መቂ ወደ ዝዋይ ሐይቅ፣ የዝዋይ ትራፊ ደግሞ በቡልቡላ አድርጎ ወደ አቢያታ ይሄዳል። በምዕራብ የወደቀው በዋቤ በኩል ግቤን፣ ከዚያም ኦሞን ይዞ ቱርካና ሐይቅ ላይ ያበቃል። በሰሜን፣ በሶዶ በኩል የሚወርደው አዋሽን ተቀላቅሎ አፋር ውስጥ አቤ ሐይቅ ላይ ይቀራል። ከሦስቱ አንዱም ባሕር አይደርስም። ዓባይ የተሸከመውን ይዞ ከአገር ይወጣል፤ የጉራጌ ውሃ ግን የሚያራግፍበት ባሕር የለውም። ያጠበው አፈር፣ የወሰደው ፌስታል፣ የሟሟበት የተባይ መድኃኒት መጨረሻው እዚሁ ስምጥ ሸለቆ ውስጥ ያለ ሐይቅ ነው።

ዛሬ ወልቂጤ የጉራጌ ዞን፣ ቡታጅራ የምሥራቅ ጉራጌ ዞን መቀመጫ ሆነዋል። የማዕከላዊ ኢትዮጵያ ክልል በነሐሴ 2015 ዓ.ም. ሲመሠረት በካርታው ላይ ብዙ መስመር ተሰምሯል። ውሃው ግን በድሮው መስመሩ ነው የሚወርደው፤ ቡታጅራ ላይ የተጣለውን የመቂና የባቱ (ዝዋይ) ከተማ ሰው ያገኘዋል። በዚህ አገር ውሃን ከቆሻሻና ከጎርፍ የመጠበቅ ታሪክ ከቧንቧና ከማዘጋጃ ቤት እጅግ ይቀድማል። አጀማመሩን ለማየት መንደሩ እንዴት እንደተሠራ መመልከት ይበቃል።

ጉራጌ አገር የሄደ ሰው ጀፎረን ሳያይ አይመለስም። በሁለት ረድፍ ፊት ለፊት በቆሙ ጎጆዎች መካከል የተዘረጋ ሰፊና ሣር የለበሰ የጋራ መንገድ ነው። ጥጃ ይግጥበታል፣ ልጅ ይቦርቅበታል፣ ፈረስ ይጋለብበታል፤ ሠርጉም ለቅሶውም እዚያው ነው፤ በመስቀል ደመራው ይቆምበታል። ስለ ጀፎረ የሚወራው አብዛኛው ስለዚህ ማኅበራዊ አገልግሎቱ ነው፤ የቱሪስት ፎቶውም ይህንኑ ያሳያል። እኔን የሚገርመኝ ሌላው ሥራው ነው። ከዳገት የወረደ ጎርፍ ጠባብና የተራቆተ መንገድ ሲያገኝ ይፈጥናል፣ ይቆፍራል፣ ገደል ይሠራል። ጀፎረ ላይ ሲደርስ ግን ሜዳው ሰፊ ስለሆነ ይሳሳል፤ ሣሩ ይይዘዋል፤ የተሸከመውን ደለል እዚያው ጥሎ ራሱ ቀስ ብሎ ወደ መሬት ይሰርጋል። ዛሬ የከተማ መሐንዲሶች ጎርፍን በሣር ሜዳ ላይ አሳስቶ ማስረግ እንደ አዲስ ብልሃት ያስተምሩታል። ጉራጌ ለፈረስና ለከብት ብሎ፣ ምናልባትም ጎርፉን አስቦ፣ ከጥንት ሲሠራበት ኖሯል።

ከጎጆው ጀርባ እንሰቱ አለ። አሜሪካዊው አንትሮፖሎጂስት ዊሊያም ሻክ በ1966 እ.ኤ.አ. ስለ ጉራጌ ያሳተመውን መጽሐፍ ርእስ በእንሰት የሰየመው ያለ ምክንያት አልነበረም፤ ቤቱም ማሳውም ማዕረጉም የሚለካው በእንሰት ነው። ለውሃው ታሪክ ሁለት ነገር ብቻ ላንሳ። አንደኛ፣ እንሰት ዓመቱን ሙሉ ቆሞ የሚኖር ተክል በመሆኑ የሰኔ ዝናብ እርቃኑን የቀረ መሬት አያገኝም፤ ሰፊው ቅጠል የጠብታውን ጉልበት ይሰብረዋል። ሁለተኛ፣ እንሰት ፍግ ይወዳል። ከብቶቹ ሌሊት ከቤት ያድራሉ፤ ጠዋት እበቱ፣ አመዱ፣ ጥራጊው ተዝቆ ወደ እንሰቱ ይሄዳል። ይህን በየቀኑ የምትሠራው ብዙውን ጊዜ የቤቱ እመቤት ናት። እንግዲህ ቆሻሻው ወደ ጅረት ያልወረደው ሕዝቡ የአካባቢ ጥበቃ ትምህርት ስለወሰደ አይደለም፤ ቆሻሻው ሀብት ስለነበረ ነው። ለዘመናት ፍግ የጠገበ የእንሰት አፈር ደግሞ እንደ ሰፍነግ ነው፤ ውሃ ይጠጣል፣ በበጋም በታች በኩል በምንጭ ይመልሰዋል።

ይህ አሠራር ጠባቂ ነበረው። ሰባት ቤት ጉራጌ የጆካ ቅጫ፣ ክስታኔ ጎርደና ሴራ በሚባል ባህላዊ ሕግ ይተዳደር ነበር፤ አሁንም በብዙ ጉዳይ ይተዳደራል። ጀፎረ የማንም ግል አይደለም፤ አጥሩን ወደ ጀፎረ የገፋ ሰው ሽማግሌ ፊት ይቀርባል፣ ይቀጣል፣ አጥሩን ይመልሳል። በወንዝና በምንጭ የሚነሳውም ክርክር የሚያልቀው በዚያው ሸንጎ ነው። አንድ ክንድ መሬት ወደ ጋራ ሜዳ መግፋት የጎረቤትን ሁሉ መብት መድፈር ነበር።

ይህን ስል ድሮ ሁሉ ንጹሕ ነበር ለማለት አይደለም። እንዲህ የሚሉ ጽሑፎች ያሰለቹኛል። ሰውና ከብት ከአንድ ምንጭ ይጠጡ ነበር፤ በበጋ ምንጩ ሲደርቅ እናቶች እንስራ አዝለው ገደል ይወርዱ ነበር፤ የቀዱት ውሃ ከምግብና ከመጠጥ ተርፎ ለፊት መታጠቢያ አይደርስም ነበር። ፊት ካልታጠበ ደግሞ ዝንብ አለ፣ ዝንብ ካለ ትራኮማ አለ። ሽፋሽፍቷ ወደ ውስጥ ዞሮ ዓይኗን የሚፍቃት፣ በወረንጦ እየነቀለች ዕድሜዋን የጨረሰች አሮጊት በየመንደሩ ነበረች። ቡታጅራ ላይ ግራርቤት የተባለው ድርጅት የዓይን ሕክምና ከሚያክማቸው ሕመሞች አንዱ ይህ ነው።

ከወልቂጤ ወደ ሆሳዕና በሚወስደው መንገድ ላይ አጣጥ ሆስፒታል አለ። በ1960ዎቹ መባቻ የካቶሊክ የሕክምና ሚሲዮን እህቶች የከፈቱት ነው። ሐኪሞቹ በየቀኑ የሚያዩት ሕመም ከውሃ የሚመጣ ሆነ፤ ዛሬ በተቅማጥ ታክሞ የወጣ ሕፃን ወደዚያው ምንጭ ይመለሳል፣ ከዚያም ወደዚያው አልጋ። ሆስፒታሉ ከግቢው ወጥቶ በየመንደሩ የጤና ትምህርት፣ የክትባትና የንጹሕ ውሃ ሥራ የጀመረው በዚህ የተነሳ ነው። ሐኪም ግንበኛ ይዞ ወደ ምንጭ መውረዱ በጊዜው እንግዳ ነገር ነበር። ለእኔ በአካባቢው የውሃ ታሪክ ውስጥ ትልቁ እርምጃ ይኸው ነው፤ ትልቅ ግድብ ስላልሆነ ብቻ ማንም ሐውልት አያቆምለትም።

ምንጭ ማጎልበት እንዴት እንደሚሠራ ቀረብ ብሎ ማየት ይጠቅማል። ግንበኛው ውሃው በሚታይበት ቦታ ላይ አይገነባም። ወደ ዳገቱ እየቆፈረ ይሄዳል፣ ውሃው ከዓለት ወይም ከጠጠር መሐል የሚፈልቅበትን ዓይን እስኪያገኝ። ዓይኑን አይደፍነውም፤ ከተጫኑት ምንጩ ይሰወርና በሌላ በኩል መውጫ ይፈልጋል። ታጥቦ የጠራ ድንጋይና ጠጠር ይደረድርለታል፤ ከላዩ ውሃ የማያሳልፍ የሸክላ አፈር ይጠቀጠቃል፤ ከፊቱ የድንጋይ ግንብ ይቆማል፣ ቱቦውም ከግንቡ ይወጣል። ከግንቡ በላይ የጎርፍ ማስቀየሻ ቦይ በግማሽ ክብ ይቆፈራል። ዙሪያው ይታጠራል። ከላይ በኩል ቢያንስ እስከ 30 ሜትር ሽንት ቤት አይቆፈርም፣ ከብት አይገባም፣ ባህር ዛፍ አይተከልም። የከብቶቹ ገንዳና የልብስ ማጠቢያው ከታች ይሆናል። አለቀ። ፓምፕ የለው፣ ነዳጅ የለው፣ መብራት ጠፋ ብሎ አይቆም።

የለማ ምንጭ ሲበላሽ ብዙውን ጊዜ የሚጠፋው ሲሚንቶው አይደለም። ቦዩ ነው። ሁለት ክረምት ያልተጠረገ ቦይ በደለል ይሞላል፤ ሦስተኛው ክረምት ላይ ጎርፉ ቦዩን ዘሎ ከምንጩ ዓይን ጋር ይቀላቀላል፤ ከቱቦው የሚወጣው ውሃ በማግሥቱ ጠርቶ ስለሚታይ ማንም አይጠረጥርም። አንዲት አካፋና የአንድ ቀን የደቦ ሥራ የጎደለው መንደር ልጆቹን ይዞ ጤና ጣቢያ ይሰለፋል። ስለዚህ ነው የውሃ ኮሚቴው ከግንበኛው እኩል የሚያስፈልገው፤ በወር ጥቂት ሳንቲም ሰብስቦ ጠባቂ የቀጠረ መንደር ምንጩ ለሠላሳ ዓመት ሲያገለግለው፣ ያልቀጠረው በአምስት ዓመቱ ሌላ ረጂ ድርጅት ይፈልጋል።

ቡታጅራ በታሪክ መጻሕፍት ስሟ የሚነሳው በየካቲት 1929 ዓ.ም. ነው፤ ራስ ደስታ ዳምጠው ከጣሊያን ጋር ከተደረገው የጎጌቲ ውጊያ በኋላ ተይዘው የተረሸኑት በዚሁ አካባቢ ነበር። በሕክምና መጽሔቶች ዘንድ ግን ከተማዋን ያስጠራት በ1979 ዓ.ም. የተጀመረ ቆጠራ ነው። አዲስ አበባ ዩኒቨርሲቲና የስዊድኑ ኡሜዮ ዩኒቨርሲቲ ተባብረው የቡታጅራ የገጠር ጤና ፕሮጀክትን አቋቋሙ፤ የሥራው ጠንሳሽ ዶክተር ደስታ ሻሜቦ ነበሩ። ዘጠኝ የገበሬ ማኅበራትና አንድ የከተማ ቀበሌ ተመረጡ። ከአካባቢው የተመለመሉ ወጣቶች ደብተር ይዘው ከቆላው እስከ ደጋው ቤት ለቤት ዞሩ፤ ማን ተወለደ፣ ማን ሞተ፣ ማን አገባ፣ ማን ቀዬውን ለቀቀ እያሉ መዘገቡ። አገሪቱ ብሔራዊ የወሳኝ ኩነት ምዝገባ የጀመረችው በ2008 ዓ.ም. መሆኑን ያስታውሱ። ቡታጅራ ሠላሳ ዓመት ያህል ቀድማለች ማለት ነው።

ደብተሩ ያሳየው ብዙ ነው። ለጉዳያችን የሚሆነው ከአምስት ዓመት በታች ያሉትን ሕፃናት ከሚቀጥፉት ሕመሞች መካከል ተቅማጥና የመተንፈሻ አካላት ሕመም ከፊት መሰለፋቸው ነው። ይህን እናቶች ያውቁት ነበር። ልዩነቱ እንዲህ ነው፦ አንድ እናት ስለ ልጇ ሞት ብትናገር ባለሥልጣን «የእግዜር ሥራ ነው» ብሎ ሊያልፋት ይችላል፤ ተመዝግቦ፣ ተደምሮ፣ ከቆላ ደጋ ተነጻጽሮ ሲቀርብለት ግን ማለፍ ይከብደዋል። ጤና ኤክስቴንሽን ሠራተኞች በየቀበሌው ከመመደባቸው ከአሥራ አምስት ዓመት በላይ ቀድሞ አንድ ወረዳ ውስጥ እንዲህ ያለ መረጃ መኖሩ ቀላል ነገር አይደለም።

እስካሁን የተናገርኩት ስለ ገጠሩ ነው። ከተማው ሌላ ታሪክ ነው፤ ከተማውን ያመጣው ደግሞ መንገድ ነው። ወልቂጤን ያሳደጋት ጣሊያን በወረራው ዘመን የሠራው የአዲስ አበባ–ጅማ መንገድ ነው። ቡታጅራን ያሳደጋት ከዓለም ገና ተነስቶ ወላይታ ሶዶ የሚደርሰው መንገድ ሲሆን፣ በ1950ዎቹ አጋማሽ አዲስ አበባ የከተሙ የአካባቢው ተወላጆች ማኅበር አቋቁመው፣ ገንዘብ አዋጥተው የገፉት ሥራ ነው። ሊስትሮውም ባለሱቁም ያዋጣበት መንገድ ስለሆነ ሰው በኩራት ያነሳዋል፤ ይገባዋልም።

ይህ መንገድ በተራራው ግርጌ ከሰሜን ወደ ደቡብ ነው የተዘረጋው። ውሃው ደግሞ ከምዕራብ ወደ ምሥራቅ፣ ከተራራው ወደ ስምጥ ሸለቆው ነው የሚወርደው። መንገዱ እያንዳንዱን ጅረት ያቋርጣል። ከሦስት ሺህ አምስት መቶ ሜትር በላይ ከፍታ ካለው ጫፍ ተነስቶ ሁለት ሺህ አንድ መቶ ሜትር ገደማ ላይ ወዳለችው ቡታጅራ በአጭር ርቀት የሚንደረደር ጎርፍ የሚያልፈው በጥቂት ድልድዮችና በካልቨርቶች ብቻ ነው። ካልቨርቱ ጠቦ ከሆነ ወይም በፌስታልና በሃይላንድ ከተደፈነ መንገዱ ራሱ ግድብ ይሆናል። ከላይ በኩል ያለው ሰፈር ይዋጣል።

ሒሳቡን ማስላት ከባድ አይደለም። ከከተማው በላይ ባለ አንድ ካሬ ኪሎ ሜትር ዳገት ላይ 30 ሚሊ ሜትር ዝናብ ቢጥል 30 ሺህ ሜትር ኩብ ውሃ ነው፤ 20 ሺህ ሊትር በምትይዝ ቦቴ 1,500 ጊዜ ይመላለሳል። ክረምት ላይ እንዲህ ያለ ዝናብ በአንድ ከሰዓት በኋላ ይጥላል። ዳገቱ እንሰትና ሣር ከሆነ አብዛኛው ይሰርጋል፤ ታርሶ የተራቆተ ወይም ቆርቆሮና ኮብልስቶን የለበሰ ከሆነ አብዛኛው ይወርዳል። ጀፎረው በአጥር ሲጠብ፣ ባህር ዛፍ ሲተከልበት፣ ዳር ዳሩ በሱቅ ሲያዝ ዋጋውን የሚከፍለው ከታች ያለው ከተማ ነው።

ባህር ዛፍን በደፈናው መርገም አልወድም። የጉራጌ ገበሬ ልጁን ያስተማረበት፣ የአዲስ አበባ ሕንፃ አጣና የሚያገኝበት ዛፍ ነው። ግን ከምንጭ ጎን፣ ከጅረት ዳር፣ ከጀፎረ ላይ ምን ይሠራል? ከሥሩ ሣር አያበቅልም፣ ከምንጭ አጠገብ ሲሆን ውሃውን ይሻማል። ድንጋያማና የተጎዳ ዳገት ሞልቶለት ሳለ ከምንጭ አፍ ላይ የሚተክለው የችኮላ ገንዘብ ፈላጊ ነው።

ወደ ጎርፉ ልመለስ። የደረቀ ወንዝ ሰውን ያታልላል። ድሬዳዋ ላይ የደቻቱ ወንዝ አብዛኛውን ዓመት አሸዋ ነው፤ ገበያ ይቆምበታል፣ ሰው ይሻገርበታል፣ ዳሩ ቤት ተሠርቶበት ነበር። በሐምሌ 1998 ዓ.ም. መጨረሻ፣ በሌሊት፣ ከሐረርጌ ተራሮች የወረደ ጎርፍ ከ250 በላይ ሰው ይዞ ሄደ። ከተማው ላይ ያን ሌሊት የጣለው ዝናብ ብቻውን ያን ያህል ባላደረገ፤ ሕዝቡን የገደለው ከላይ የጣለው ነው። የቡታጅራ ጅረቶችም ጠባያቸው ይኸው ነው። ግንቦት ላይ ልጆች ኳስ የሚጫወቱበት የወንዝ ሆድ ነሐሴ ላይ የማን እንደሆነ ራሱ ይናገራል። በወንዝ ዳር የተሰጠ ካርታ ወንዙ የፈረመበት አይደለም።

ቡታጅራ ግን ዕድለኛ የሆነችበት ነገር አለ። ስምጥ ሸለቆው ውስጥ ወደ ታች በተወረደ ቁጥር የከርሰ ምድር ውሃ ፍሎራይድ ይጨምራል፤ የዓለም ጤና ድርጅት ከወሰነው ከ1.5 ሚሊግራም በሊትር ያልፋል። በዝዋይና በመቂ ዙሪያ፣ ከዚያም በወንጂ ጥርሱ የበለዘ፣ አጥንቱ የተጣመመ ሰው የሚታየው በዚህ ነው። በተራራው ግርጌ ያለው ውሃ ግን ገና ከዝናብ የመጣ፣ ከእሳተ ገሞራ ዓለት ጋር ብዙ ያልቆየ ስለሆነ ፍሎራይዱ ዝቅ ይላል። ዕድሉ አደጋም አለው። በከተማዋ ዙሪያ ያለው መሬት ጠጠርና የእሳተ ገሞራ ቀይ አሽ የበዛበት ነው፤ ዝናብን ቶሎ እንደሚያስገባ ሁሉ የተቃጠለ ዘይትን፣ የጉድጓድ ሽንት ቤትን ፍሳሽና ከነዳጅ ማደያ ታንከር የሚያፈስን ቤንዚን ቶሎ ያስገባል። ባጃጅና መኪና ወንዝ ውስጥ አስገብቶ ማጠብ በየከተማችን የተለመደ ነው፤ ላቫጆ ከፍሎ ከማጠብ ይረክሳል። እዚህ ግን ወንዙ ብቻ አይደለም የሚበከለው፤ ከወንዙ በታች ያለው፣ ነገ በጥልቅ ጉድጓድ ተስቦ የሚጠጣው ጭምር ነው።

የወልቂጤ ችግር የተገላቢጦሽ ነው። ከተማው ከፍታ ላይ ተቀምጧል፤ ዋቤ ከታች በሸለቆ ይሄዳል። ውሃ ወደ ላይ መገፋት አለበት፤ መግፋት ደግሞ መብራት፣ ፓምፕ፣ መለዋወጫና ገንዘብ ይፈልጋል። ከተማው አድጓል፣ ዩኒቨርሲቲ ተከፍቶበታል፣ የቧንቧው አቅም ግን አብሮ አላደገም። ነዋሪው ፈረቃ ይጠብቃል፣ ሮቶ ይገዛል፣ ከጋሪ በጀሪካን ይገዛል። የካቲት 10 ቀን 2015 ዓ.ም. ሴቶችና ወጣቶች ባዶ ጀሪካን ይዘው አደባባይ ወጡ። የጸጥታ ኃይሎች ተኮሱ። የኢትዮጵያ ሰብዓዊ መብቶች ኮሚሽን ሰዎች መገደላቸውንና መቁሰላቸውን አሳውቋል። በዚህች ከተማ ታሪክ ላይ ስለ ውሃ ሲጻፍ ይህን ቀን ዘሎ ማለፍ አይቻልም፤ ውሃ ጠየቀ ተብሎ ሰው የተገደለበት ቀን ነው።

የውሃ እጥረትንና የውሃ ብክለትን ሁለት የተለያዩ ነገሮች አድርጎ የሚያይ ብዙ ነው። አንድ ናቸው። ቧንቧ ሁልጊዜ ውሃ ከሞላበት ግፊቱ ወደ ውጭ ስለሆነ ስንጥቅ ቢኖረው ውሃ ይወጣል እንጂ ቆሻሻ አይገባም። ፈረቃ ሲሆን ግን ቧንቧው ባዶ ይሆናል። በባዶ ቧንቧ ውስጥ አየሩ ሲሳብ በዙሪያው ያለውን ሁሉ በስንጥቁ ወደ ውስጥ ይስባል። በየከተማችን ደግሞ ቧንቧው የተዘረጋው የት ነው? የጎርፍ ቦይ ውስጥ፣ ከፍሳሹ ጎን፣ አንዳንዴም ፍሳሹን አቋርጦ። ውሃው ከሳምንት በኋላ ሲለቀቅ መጀመሪያ የሚወርደው ቡናማው ነገር ከየት እንደመጣ አሁን ግልጽ ነው። የጎርፍ ቦይ ያልጠረገ ማዘጋጃ ቤትና ፈረቃ ያበዛ የውሃ አገልግሎት ሳይመካከሩ አንድ በሽታ ያመርታሉ። ክሎሪን ይህን በከፊል ይከላከላል፤ ከቧንቧው ጫፍ ሲደርስ በሊትር ከ0.2 እስከ 0.5 ሚሊግራም ክሎሪን መቅረት አለበት። ይህን የሚለካው መሣሪያ በእጅ የሚያዝ ትንሽ ነገር ነው፤ ልኬቱም ከጥቂት ደቂቃ በላይ አይፈጅም። በየሰፈሩ ቦኖ ላይ ተለክቶ ውጤቱ ቢለጠፍ ማንም አይከስርም።

ሕጉስ? ሕግ አልጎደለንም። የ1952 ዓ.ም. የፍትሐ ብሔር ሕግ በወራጅና በረጋ ውሃ የመጠቀም ቅድሚያው የማኅበረሰቡ እንደሆነ ደንግጓል። የውሃ ሀብት አስተዳደር አዋጅ ቁጥር 197/1992 ወጣ፤ የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 ተከተለ፤ የበከለ ያጽዳ ወይም የማጽጃውን ይክፈል አለ። በ2017 ዓ.ም. የፌስታል እገዳም በአዋጅ ጸደቀ። ወረቀቱ ሙሉ ነው። በጀፎረ ዘመን የነበረውና ዛሬ የጎደለው ድንበሩን በዓይኑ የሚያውቅ፣ አጥር ሲገፋ በማግሥቱ የሚጠይቅ ሰው ነው። የከተማ ፕላን ክፍል የወንዝ ዳርቻ ስንት ሜትር እንደሆነ ካርታው ላይ አስምሮ ካቢኔት ውስጥ ቢያስቀምጠው መሬት ላይ ምልክት ካልተተከለ ማን ያውቀዋል? ቢሮ የሚቀያየር ኃላፊ እንኳ አያውቀውም።

ሁለቱም ከተሞች ከሚቀጥለው ክረምት በፊት ሊሠሩት የሚችሉት ሥራ ውድ አይደለም፦ በየጅረቱ ዳር ድንጋይ ተክሎ ወሰኑን ማሳየት፣ ካልቨርቶቹን ግንቦት ሳይወጣ መጥረግ፣ ከምንጮች በላይ ያለውን ባህር ዛፍ አንስቶ ሣርና አገር በቀል ዛፍ መመለስ፣ ገና ያልተያዙትን ጀፎረዎች በከተማ ፕላን ውስጥ አስገብቶ እንዳይነኩ ማድረግ። የመጨረሻው በተለይ ያሳስበኛል። ከተማ ወደ ገጠር ሲሰፋ ጀፎረው ባዶ መሬት መስሎ ለሊዝ ይቀርባል፤ አንዴ ከተሸነሸነ አይመለስም።

ለአንባቢም አንድ ነገር ልጠቁም። አዋጅ ቁጥር 300/1995 ማንኛውም ሰው፣ በግል የደረሰበትን ጉዳት ማሳየት ሳያስፈልገው፣ አካባቢን በሚጎዳ ወይም ሊጎዳ በሚችል ሰው ላይ ለአካባቢ ጥበቃ መሥሪያ ቤት አቤቱታ የማቅረብ መብት ይሰጠዋል። መሥሪያ ቤቱ በ30 ቀን ውስጥ ውሳኔ ካልሰጠ፣ ወይም በውሳኔው ካልተስማሙ፣ ፍርድ ቤት መሄድ ይቻላል። በሰፈርዎ ቦይ ላይ የተቃጠለ ዘይት የሚደፋ ካለ፣ ወንዝ ዳር አጥር እየገፋ ያለ ካለ፣ ቀኑንና ቦታውን ጽፈው፣ በስልክዎ ፎቶ አንስተው፣ ከሁለት ጎረቤት ጋር ፈርመው ያስገቡ። የገቢ ማኅተም ያለበትን ቅጂ ይዘው መውጣትዎን አይርሱ፤ ሠላሳው ቀን የሚቆጠረው ከዚያ ጀምሮ ነው።